የላስታ ተራሮች የማን ናቸው?

ከላሊበላ ከተማ ተነሥቶ ወደ ይምርሐነ ክርስቶስ የሚሄድ መንገደኛ አብዛኛውን መንገድ የሚያየው የታወቀውን የላስታ መልክ ነው፦ ድንጋይ የበዛበት የገብስ ማሳ፣ ጎርፍ የሰነጠቀው ቦረቦር፣ በግና ፍየል ተበትኖ የተረፈችውን ሣር የሚለቅምበት ራቁት ሸንተረር። ወደ ዋሻው ሲቃረብ ግን ጥድና ወይራ ተጠጋግተው የቆሙበት ደን ይቀበለዋል። ዋሻው ውስጥ ያለው ቤተ መቅደስም የእንጨት ባለዕዳ ነው፤ እንደ አክሱም አሠራር አንድ ረድፍ እንጨት፣ አንድ ረድፍ በኖራ የነጣ ድንጋይ እየተነባበረ የተሠራ ሲሆን፣ ዕድሜውም ከላሊበላ ፍልፍል አብያተ ክርስቲያናት እንደሚቀድም ይታመናል። ከደኑ እስከ ራቁቱ ሸንተረር ድረስ ያለው ርቀት አጭር ነው። ዝናቡ አንድ ነው፣ ድንጋዩ አንድ ነው፤ እዚያ የሚያርሰውና እዚህ የሚያስቀድሰውም አንድ ሕዝብ ነው። ታዲያ ልዩነቱ ከምን መጣ?

ከትምህርት ቤት ጀምሮ የለመድነው መልስ አለ። ከመቶ ዓመት በፊት ከኢትዮጵያ ምድር 40 በመቶው ደን ነበር፤ ገበሬው በመጥረቢያና በማረሻ ጨረሰው፤ የቀረው ሦስት አራት በመቶ ነው የሚል። ይህ አባባል በስብሰባ፣ በራዲዮና በፕሮጀክት ሰነድ ስለተደጋገመ ማንም ማስረጃ አይጠይቅበትም። አሜሪካዊው የታሪክ ምሁር ጄምስ ማካን እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ አኃዙን ወደ ምንጩ ተከትሎ ሲሄድ ያገኘው ልኬት ሳይሆን አንዱ ሪፖርት ከሌላው እየቀዳ ያሳለፈውን ግምት ነበር። ወሎን በተመለከተ ደግሞ ከግምት የተሻለ ነገር አለ። ዶናልድ ክራሚ የተባለው የታሪክ ተመራማሪ እ.ኤ.አ. በ1937 በወሎ የተነሡ ፎቶግራፎችን ይዞ በ1997 እነዚያኑ ቦታዎች እንደገና አነሣ። ሥዕሎቹን ጎን ለጎን ሲያስተያይ ዛፍ የበዛው በኋለኞቹ ላይ ሆኖ አገኘው። በትግራይም ያን ኒሰንና ባልደረቦቹ፣ የእንግሊዝ ጦር እ.ኤ.አ. በ1868 ወደ መቅደላ ሲዘምት ያስነሣቸውን ፎቶግራፎች ከ140 ዓመት በኋላ ከተነሡት ጋር አመሳክረው ተመሳሳይ ነገር አይተዋል፤ መሬቱ ያን ጊዜም የተራቆተ ነበር፣ ዛሬ በብዙ ቦታ የተሻለ ቁጥቋጦና እርከን አለበት።

ከዚያም ወደ ኋላ መሄድ ይቻላል። በደቡብ ወሎ በሐይቅና በአርዲቦ ሐይቆች ግርጌ በየዓመቱ የተከማቸው ደለል በውስጡ የዘመኑን ዕፅዋት የአበባ ብናኝ ይዟል። እ.ኤ.አ. በ2003 የታተመ አንድ ጥናት ይህን ደለል ሦስት ሺህ ዓመት ወደ ኋላ አንብቦታል። የዝግባና የጥድ ደን ከክርስቶስ ልደት በፊት ወደ 500 ዓመት ገደማ ተመንጥሯል፤ ቦታውን ክትክታና ሣር ይዘውት ከሺህ ዓመት በላይ ቆይተዋል። ከዚያ ማንም ዘመቻ ሳያውጅለት እ.ኤ.አ. ከ1400 እስከ 1700 ባለው ጊዜ የጥድ ደን ተመልሶ መጥቷል፤ በኋላም እንደገና ተመንጥሯል። እንግዲህ የወሎ ደጋ ታሪክ አንድ ጊዜ ገነት ኖሮ ቁልቁል የወረደ ታሪክ አይደለም። ደን ሄዷል፣ መጥቷል፣ ሄዷል። ይህ ለገበሬው ይቅርታ ለመለመን የሚቀርብ ነገር አይደለም፤ ጥያቄውን ስለሚለውጠው ነው። ሰው በተፈጥሮው አጥፊ ከሆነ መፍትሔው ሰውን ከተራራው ማራቅ ነው። ሰው አንዳንዴ የሚያጠፋ አንዳንዴ የሚያለማ ከሆነ ግን መጠየቅ ያለበት መቼና በምን ሁኔታ እንደሚያለማ ነው።

«እንግዲያው የአፈር መከላቱ ተረት ነው ወይ?» የሚል ይኖራል። አይደለም። ስዊዘርላንዳዊው ሐንስ ሁርኒ እ.ኤ.አ. በ1981 የጀመረው የአፈር ጥበቃ ምርምር የመጀመሪያ ጣቢያውን የከፈተው ከደሴ ብዙም በማይርቀው በማይባር ነው። ከምርምሩ ጣቢያዎች ልኬት ተነሥቶ የተሰላው፣ በደጋው ከሚታረስ አንድ ሄክታር መሬት በየዓመቱ በአማካይ 42 ቶን ያህል አፈር ይታጠባል የሚል ነው። ከሥር ካለው ዐለት አዲስ አፈር የሚፈጠርበት ፍጥነት ከዚህ እጅግ ያነሰ ነው። ከጎርፉ ሌላ ደግሞ ዓይን የማያየው ኪሳራ አለ። እንጨት በራቀበት ቀበሌ ምጣዱ የሚጣደው በኩበት ነው። ለገብሱ ማሳ ፍግ መሆን የነበረበት እበት በግድግዳ ላይ ተለጥፎ ይደርቃል፣ ምድጃ ውስጥ ገብቶ አመድ ይሆናል። ማሳው ይከሳል፤ የከሳ ማሳ ቡቃያው ስስ ነው፤ ስስ ቡቃያ የሐምሌን ዶፍ አይመክትም፤ አፈሩ ይሄዳል። ይህን የላስታ ገበሬ ከማንም በላይ ያውቀዋል። ኩበቱን የሚያነድደው ፍግ መሆኑን ስቶ ሳይሆን ማታ ልጆቹ እንጀራ ስለሚፈልጉ ነው። ችግሩ የዕውቀት ማነስ ቢሆን ኖሮ ግማሽ ምዕት ዓመት የዘለቀው ትምህርትና ቅስቀሳ በፈታው ነበር።

ወደ ይምርሐነ ክርስቶስ ጥዶች እንመለስ። በኢትዮጵያ በኦርቶዶክስ አብያተ ክርስቲያናት ዙሪያ ያሉ እንዲህ ዓይነት አፀዶች በአሥር ሺዎች ይቆጠራሉ፤ በሰሜኑ ደጋ ለአገር በቀል ዛፍ የቀሩት ትልቁ መጠጊያም እነርሱ ናቸው። አፀድን የሚያቆሙት ነገሮች በግልጽ የሚታዩ ናቸው። ወሰን አለው፤ የአፀዱ ዳር የት እንደሚያበቃ እረኛው ልጅ እንኳ ያውቃል። ባለቤት አለው፤ ቄሰ ገበዙ ይጠየቅበታል፣ ሰበካው ይመክርበታል። ጥቅም አለው፤ ለማኅበር ጥላ፣ ለሙት ማረፊያ፣ ጣራ ሲያረጅ ወራጅና ማገር ይሆናል። ቅጣትም አለው፤ ያለ ፈቃድ የቆረጠ ሰው ንስሓ አባቱና ጎረቤቱ ፊት ይቆማል። ከሁሉም በላይ ጊዜ አለው። ዛሬ የተተከለውን ጥድ የልጅ ልጅ እንደሚያየው የሚተማመን ተቋም በላስታ ከቤተ ክርስቲያን ሌላ ለማግኘት ያስቸግራል።

እዚህ ላይ ጠንካራ ተቃውሞ ይነሣል፦ ደኑን ያቆየው ፈሪሃ እግዚአብሔር እንጂ ወሰንና ባለቤት አይደለም፤ ስለዚህ እምነት ከሌለው ኮረብታ ጋር ማወዳደር አይቻልም። እምነቱን ማሳነስ ስሕተት ይሆናል። ነገር ግን ጠዋት አፀዱ ውስጥ ጫማውን አውልቆ የሚገባው ምእመን ከሰዓት በኋላ ከአጥሩ ማዶ ያለውን ቁጥቋጦ ለማገዶ ይቆርጠዋል። እምነቱ በአጥሩ በሁለቱም ወገን ያለ ነው፤ የሚለየው አጥሩ ነው። «ባለቤቱን ካልናቁ አጥሩን አይነቀንቁ» የሚለው ተረት ለአፀድ የተነገረ ይመስላል። ሌላም ማስረጃ አለ። በደቡብ ጎንደር 28 አብያተ ክርስቲያናትን ያጠናው የደን ተመራማሪ ዶክተር ዓለማየሁ ዋሴ እንዳሳየው፣ አጥር የሌላቸው አፀዶች ሽማግሌ ዛፍ ብቻ የቀረባቸው ናቸው። ከብት እየገባ ችግኙን ስለሚረግጥና ስለሚበላ ተተኪ አይበቅልም። ሰው የሚፈራውን ፍየል አይፈራም። ዓለማየሁ ከአሜሪካዊቷ የደን ሳይንቲስት ሜግ ላውማን ጋር በመሆን ያስጀመረው መፍትሔ ቀላል ነበር፤ ከየማሳው የሚለቀመው ድንጋይ በአፀዱ ዙሪያ ግንብ እንዲሆን ማድረግ። ማሳው ከድንጋይ ጸዳ፣ ደኑ ከከብት ዳነ።

ቤተ ክርስቲያን በመካከል ሳትቆምም ነገሩ ይሠራል። በሰሜን ሸዋ በመንዝ የጓሳ ሣር ከ17ኛው ክፍለ ዘመን ጀምሮ «ቄሮ» በሚባል የጋራ ሥርዓት ተጠብቆ ኖሯል። ሣሩ ለሦስት፣ ለአራት፣ አንዳንዴም ለአምስት ዓመት ይዘጋል፤ ከዚያ በተቆረጠ ቀን ተከፍቶ ባለመብቶቹ ለቤት ክዳን፣ ለገመድና ለመኖ ያጭዱታል። ሥርዓቱን ያናጋው ድርቅ ወይም የሕዝብ ብዛት አልነበረም። የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የታወጀው የገጠር መሬት አዋጅ መሬትን የሕዝብ ሲያደርግ የቄሮ አለቆችን ሥልጣን ሕጋዊ መሠረት አሳጣው፤ «የሁሉ ነው» የተባለው ጓሳ የማንም ሆነ። ነዋሪው በኋላ አዲስ መተዳደሪያ ደንብ አውጥቶ እንደገና ባይረከበው ኖሮ ዛሬ የጓሳው ቀይ ቀበሮ ታሪክ በሆነ ነበር። አዋጁ ጭሰኛን ነፃ በማውጣቱ ያደረገው ትልቅ ነገር አይካድም። የርስትና የጋራ ግጦሽን ሥርዓት ከጭሰኝነት ጋር አንድ ላይ ጠቅልሎ መጣሉ ግን ገና ያልተከፈለ ዕዳ ጥሎብናል።

የዚህ ተቃራኒ ምስክር ራሱ ወሎ ነው። ከ1966ቱ ረኃብ በኋላ፣ ይልቁንም ከ1977ቱ በኋላ፣ የወሎ ተራሮች የምግብ ለሥራ አውድማ ሆነው ነበር። በስንዴና በዘይት ክፍያ ብዙ እርከን ተሠራ፣ ኮረብታው ተከለለ፣ ባሕር ዛፍና ፈረንጅ ጥድ ተተከለ። ከዚያ በ1982 ዓ.ም. ደርግ ቅይጥ ኢኮኖሚ ሲያውጅ፣ በ1983 ደግሞ ሲወድቅ፣ በብዙ ቦታ ሕዝቡ እርከኑን አፈረሰው፣ ዛፉን ቆርጦ ወሰደው። ይህን ብዙዎች የገበሬው ድንቁርና ማስረጃ አድርገው ይጠቅሱታል። እርከን ያለበትን ማሳ የሚያርስ ሰው ሲጠየቅ የሚሰጠው ምክንያት ግን የሚናቅ አይደለም። ጠባቧን ማሳ ይበልጥ ያጠባታል፤ በሬ ማዞሪያ አያስቀርም፤ በካቡ ውስጥ አይጥ ይራባል፤ ኮረብታው ሲከለል የበጎቹ መሰማሪያ ያለ ምክክርና ያለ ካሣ ተወሰደ። ዛፉ «የመንግሥት ዛፍ» ይባል ነበር፤ መንግሥት ሲሄድ ባለቤት የለሽ ሆነ። የተቆረጠውም ስለዚህ ነው። የሚገርመው መፍረሱ አይደለም፤ በባለቤትነት ስሜት የያዙት ጥቂት ቦታዎች መትረፋቸው ነው።

በአንጻሩ ባለቤት ሲኖር የሚሆነውን ለማየት ከማንኛውም የላስታ ቤት ጓሮ ማለፍ አያስፈልግም። በክራሚ ፎቶግራፎች ላይ ከታየው አዲስ ዛፍ ብዙው በመኖሪያ ዙሪያ የተተከለ ባሕር ዛፍ ነው። በአማራ ክልል ከ1990ዎቹ ዓ.ም. አጋማሽ ጀምሮ ገበሬው የይዞታ ማረጋገጫ ደብተር ሲሰጠው ደግሞ፣ ነገ በድልድል ይወሰድብኛል የሚለው ስጋት ሙሉ በሙሉ ባይጠፋም ቀንሷል። «ባሕር ዛፍ ደን ነው እንዴ?» የሚል ይጠይቃል። አይደለም። ውኃ ይጠጣል፣ ከሥሩ ሰብል አያበቅልም፣ ምንጭ አፋፍ ላይ ከተተከለ ምንጩን ያደርቃል፤ ከምንጭ ዳር መከልከሉ ተገቢ ነው። ነገር ግን በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን የመጣው ይህ ዛፍ ያደረገልን ነገር ከተፈጥሮ ጥበቃ መጻሕፍት ውስጥ ጎድሎ ይታየኛል። ከጓሮ የተቆረጠ እያንዳንዱ የባሕር ዛፍ ሸክም አንድም ኩበትን ለማሳ ያስቀራል፣ አንድም የአፀዱን ወይራ ከመጥረቢያ ያድናል። ገበሬው ባሕር ዛፍ የመረጠው አገር በቀሉን ጠልቶ ሳይሆን በአምስትና በስድስት ዓመት ለቤት ሥራ የሚደርስለት እርሱ ስለሆነ ነው። ወይራ ተክሎ ሃምሳ ዓመት ለመጠበቅ ደብተርም አይበቃም።

የሕዝብ ቁጥርስ? ተራራው እኮ ከአያቶቻችን ዘመን ይልቅ ብዙ አፍ ይመግባል። እውነት ነው፤ ግን የሕዝብ ብዛት ብቻውን ፍርድ አይሰጥም። በኬንያ የማቻኮስ አውራጃ ከ1930ዎቹ እስከ 1990 እ.ኤ.አ. ሕዝቡ አምስት እጥፍ ሲያድግ የአፈር መሸርሸሩ ቀንሷል፤ ገበሬዎቹ ማሳቸውን ራሳቸው አረከኑ፣ ዛፍ ተከሉ። ማቻኮስ ግን ናይሮቢን የሚያህል ገበያ አጠገቡ አለ። ላስታ እንዲህ ዓይነት ጎረቤት የለውም፤ ስለዚህ ምሳሌውን እንዳለ ገልብጦ መጠቀም አይቻልም። የሚያሳየው አንድ ነገር ብቻ ነው፦ ለድካሙ ገበያና ዋስትና ያገኘ ገበሬ አፈሩን ለመጠበቅ አዋጅ አይጠብቅም።

የላስታ ገበያ ምን ሊሆን ይችላል? ወደ አቡነ ዮሴፍ ቀና እንበል። ከ4,200 ሜትር በላይ ከፍ የሚለው ይህ ተራራ ጅብራና ጓሳ የሚበቅሉበት፣ ጭላዳ በመንጋ የሚግጥበት፣ በዓለም ላይ ከ500 ያነሱ አዋቂዎች ብቻ የቀሩት ቀይ ቀበሮም አይጡን የሚያድንበት ነው። የገብስ ማሳ በየጊዜው ሽቅብ ይወጣል፤ በላዩ ላይ ያለው የቀበሮ ግዛትም እንደዚያው ይጠብባል፤ ከመንደር የሚወጣው ውሻም የእብድ ውሻ በሽታ ይዞበት ይሄዳል። ቦታው የማኅበረሰብ ጥበቃ አካባቢ ሆኖ ተከልሏል፤ ጎረቤቱ መቄትም በመንደር የእንግዳ ማረፊያ ቱሪስትን በእግር የሚያስኬድ የማኅበረሰብ ቱሪዝም የተጀመረበት ነው። ይህ ጥሩ ነገር ነው፤ ግን ተሰባሪ ነው። በኮሮና ወረርሽኝ ጊዜ፣ ከዚያም የሰሜኑ ጦርነት ላሊበላ ድረስ ሲመጣ፣ ጎብኚው ጠፋ። የተራራው ጥበቃ በቱሪስት ኪስ ላይ ብቻ ከተንጠለጠለ፣ እንግዳ በቀረ ቁጥር ገብሱ ወደ ላይ መውጣቱን ይቀጥላል።

ተራራው ሌላ ደንበኛ አለው፤ ዕዳውን ያልከፈለ ደንበኛ። ተከዜ የሚነሣው ከላስታ ነው። በ2002 ዓ.ም. የተመረቀው፣ 188 ሜትር ቁመት ያለውና 300 ሜጋ ዋት የሚያመነጨው የተከዜ ግድብ የሚይዘው ውኃ ከእነዚህ ተራሮች የሚታጠበውን አፈር ተሸክሞ ይመጣል። ከላስታ ማሳ የተቀነሰው አፈር ገበሬውን ዛሬ ያከሳዋል፤ ግድቡ ውስጥ ሲተኛ ደግሞ የከተማውን መብራት ዕድሜ ያሳጥራል። አንድ የላስታ ቀበሌ ኮረብታውን ከልሎ በጎቹን ሲቀንስ ጥቅሙን የሚያገኘው ከታች ያለው የመብራት ተጠቃሚ፣ ወጪውን የሚሸከመው ግን ከላይ ያለው ባለ በግ ነው። ኮስታሪካ እ.ኤ.አ. ከ1997 ጀምሮ ከነዳጅ ቀረጥ ላይ ቀንሳ ደን ለሚጠብቅ ባለ መሬት ትከፍላለች። እኛ ከመብራት ሒሳብ ላይ ሳንቲም ቀንሰን ለተራራው ብናስቀምጥ አዲስ ነገር አንፈጥርም። «ደሃ አገር ይህን አይችልም» ይባላል። ሴፍቲኔት ከ1997 ዓ.ም. ጀምሮ በወሎ ወረዳዎች ለእርከን ሥራ የሚከፍለው ምን ሆነና? ገንዘቡ እየወጣ ነው፤ የሚወጣው ግን ለተሠራው ሥራ ቀን እንጂ አምስት ዓመት ቆሞ ለተገኘው እርከንና ለበቀለው ሣር አይደለም። በዘመቻውም ያው ነው። ሐምሌ 22 ቀን 2011 ዓ.ም. በአንድ ቀን ከ350 ሚሊዮን በላይ ችግኝ መተከሉ ሲነገር ዓለም ሰምቷል። በየቀበሌው ከሁለት ክረምት በኋላ የቆመው ስንት እንደሆነ፣ በማን ስም እንደተመዘገበ፣ ሲደርስ ማን እንደሚቆርጠው ግን ያን ያህል ሲነገር አይሰማም።

ክፍያው ቢመጣ እንኳ አንድ የሚያከራክር ነገር ይቀራል፤ በየመንደሩ ገና ያልተፈታ ነው። የተከለለ ኮረብታ ብዙ ጊዜ ለተደራጁ ወጣቶች ይሰጣል፤ በዚያ ኮረብታ በጎቻቸውን ያሰማሩ የነበሩ ሽማግሌዎች ደግሞ ይቆጣሉ። ከብት የሌላት ባልቴት ከሣሩ ድርሻ አለኝ ትላለች፤ አጭዳ ልትሸጠው ትችላለችና። መሬት ያልደረሰው ወጣት ግጦሹን ሳይሆን ንቡንና የማሩን ገቢ ይፈልጋል። የሁሉም ጥያቄ ሕጋዊ ነው፤ አዲስ አበባ ተቀምጦ የሚመልስላቸው ግን የለም። መንዞች ለሣራቸው እንዳደረጉት ማን መቼ እንደሚያጭድ፣ የጣሰ ምን እንደሚቀጣ፣ ገንዘቡም ለማን እንደሚደርስ ጎጡ ራሱ ቁጭ ብሎ ይጻፈው፤ ወረዳውም የተጻፈውን አክብሮ በማኅበረሰቡ ስም ደብተር ይስጥበት። የግል ማሳ ደብተር ሲኖረው ያልተሰጠው የጋራ ኮረብታ ለምን እንደቀረ ሊያስረዳ የሚገባው ወረዳው ነው።